በሩ ፍሬም ውስጥ ሲገባ፦ የአንድ ልብስ ሰፊ ዘጋቢ ፊልም የጉዳይ ጥናት

ጉዳዩ

ይህ የአንድ አጭር ዘጋቢ ፊልም የሥራ ታሪክ ነው። ፊልሙን የሠራችው ብቻዋን የምትሠራ ፊልም ሠሪ ናት። ካሜራውንም ድምፁንም የምትይዘው ራሷ ናት፤ ወጪውንም የምትሸፍነው ከኪሷ ነው። እኔ የምስል አቀናባሪ ሆኜ አብሬያት ሠርቻለሁ። አለቀ ብለን ያሳየነውን ፊልም ባለታሪኩ አይተው «ይሄ እኔ አይደለሁም» አሉን። እኛም ፊልሙን አፍርሰን እንደገና ሠራነው። የሰዎቹን ስም፣ ከተማውንና ሰፈሩን ሆን ብዬ ትቻለሁ።

መነሻው

ሥራው አምስት አጫጭር ፊልሞች ያሉት ተከታታይ ነው። እያንዳንዱ ፊልም በከተማ ውስጥ በእጁ ሥራ የሚኖር አንድ ሰው ያሳያል። በ1920ዎቹ (እ.ኤ.አ.) ከተማን ይቀርጹ የነበሩ ፊልም ሠሪዎች ከተማውን ራሱን ባለታሪክ ያደርጉት ነበር። በ1927 የወጣው የዋልተር ሩትማን የበርሊን ፊልም አንድን ቀን ከንጋት እስከ ሌሊት ይከተላል። ባቡሩ ይከንፋል፣ ሕዝቡ ይጎርፋል፣ በስሙ የምናውቀው ሰው ግን አንድም የለም። ፊልም ሠሪዋ የፈለገችው የዚህን ተቃራኒ ነበር፦ አንድ ሰው፣ አንድ ክፍል፣ አንድ ፊት።

ሦስተኛው ፊልም የልብስ ሰፊው ነው። ዕድሜያቸው ከ70 ያለፈ፣ በአንድ ሕንፃ ደረጃ ሥር ባለች ጠባብ ክፍል የሚሠሩ ሰው ናቸው። የክፍሏ ጥልቀት ከ2 ሜትር ብዙም አይበልጥም። በእግር የሚረገጥ የስፌት መኪና፣ ካውያ፣ የክር መደርደሪያና አንዲት ሬዲዮ አሏት። አዲስ ልብስ አይሰፉም ማለት ይቻላል። ሥራቸው ማጥበብ፣ ማሳጠር፣ ዚፕ መቀየር፣ የተቀደደ መጣፍ ነው።

ፊልም ሠሪዋ ካሜራ ሳትይዝ ለሦስት ሳምንት ተመላለሰች። የመጀመሪያው ቀን ገበሩ የተተረተረ ካፖርቷን ይዛ ገባች። «አባባ፣ ይሄ ይጠገናል?» ስትላቸው ካፖርቱን ገልብጠው ስፌቱን በጣታቸው ዳሰሱና «ማን ነው እንዲህ የሰፋው?» ብለው ጠየቁ። ወሬያቸው የጀመረው በዚህ ነው።

በእነዚያ ሳምንታት ያስተዋለችው አንድ ነገር ሥራውን ሁሉ እስከ መጨረሻው ተከትሎታል። ሰውየው ሲሠሩ ስፒል በከንፈራቸው ይይዛሉ። ሥራው ይህን የሚጠይቅበት ጊዜ አለ። ነገር ግን ሊመልሱት የማይፈልጉት ጥያቄ ሲመጣም ስፒል ከሚሰኩባት ትንሽ ትራስ ሁለት ሦስት ነቅለው ከንፈራቸው መሀል ያደርጋሉ። አፋቸው ስፒል ይዞ ማንም አያናግራቸውም። ፊልም ሠሪዋ ይህን ስታይ ጥያቄዋን ትታ ወደ ሌላ ወሬ ትሄድ ነበር። ማስታወሻ ደብተሯ ላይ «ስፒል ማለት አይሆንም ማለት ነው» ብላ ጽፋለች።

ቀረጻው 11 ቀን ወስዶ 22 ሰዓት የሚሆን ምስል ተሰበሰበ። ካሜራው በሰከንድ 100 ሜጋቢት ስለሚጽፍ አንድ ሰዓት 45 ጊጋባይት ይይዛል፤ ጠቅላላው ወደ 1 ቴራባይት ተጠጋ። ከዚያ ውስጥ 11 ደቂቃ የሚረዝም ፊልም አወጣን። ቀለሙ ተስተካከለ፣ ድምፁ ተመጣጠነ፣ ጽሑፉ ገባ።

«ሰዎቼ የት ሄዱ?»

ፊልሙን ያሳየናቸው እዚያው ክፍላቸው ውስጥ፣ የስፌት መኪናው ጠረጴዛ ላይ በተቀመጠ ላፕቶፕ ነው። ሁለት እጃቸውን ጉልበታቸው ላይ አድርገው እስከ መጨረሻው አዩት። በምስሉ ውስጥ ክር መርፌ ውስጥ ሲገባ ይታያል፣ የዓይናቸው ሽፋሽፍት አንድ በአንድ ይቆጠራል፣ የመኪናው መርገጫ ድምፅ እንደ ትንፋሽ ይሰማል። እኔ በዚያ ሥራ ኮርቼ ነበር።

ሲያልቅ ትንሽ ዝም አሉ። ከዚያ «ሥራችሁ ቆንጆ ነው ልጄ» አሏት። «ግን ይሄ እኔ አይደለሁም። ሰዎቼ የት ሄዱ? ሰው የሌለኝ አስመሰላችሁኝ። እኔ እዚህ ክፍል ውስጥ ብቻዬን ውዬ አላውቅም።»

ፊልም ሠሪዋ ይህን ስትነግረኝ የሰጠኋት ምላሽ ትክክል አልነበረም። ሰው የራሱን ምስል ሲያይ መጀመሪያ ላይ ይደነግጣል፣ ሁለተኛ ጊዜ ሲያዩት ይለምዱታል አልኳት። እርሷ አልተቀበለችኝም። «ስለ መልካቸው አንድ ቃል አልተናገሩም። የተናገሩት ስለ ሕይወታቸው ነው» አለችኝ።

የፈቃድ ወረቀቱ ከቀረጻው በፊት ተፈርሟል፤ ፊልሙን እንዳለ ብናወጣው በወረቀቱ መሠረት የሚከለክለን አልነበረም። ይህን መንገድ ገና ከጅምሩ ዘጋችው።

ጥሬውን ምስል መልሶ ማየት

በማግስቱ ጥሬውን ምስል ከፍቼ ቀረጻዎቹ የሚጀምሩበትን ትቼ የሚያልቁበትን ብቻ ማየት ጀመርኩ። ከሦስት ቀረጻ አንዱ የሚያልቀው በሩ ሲንኳኳ ወይም ሲከፈት ነው። በየመጨረሻው ሰከንድ ላይ የበሩ መታጠፊያ ድምፅ ይሰማል፣ ሰውየው ቀና ይላሉ፣ ፊታቸው ይበራል፣ ምስሉ ይቋረጣል። ፊልም ሠሪዋ እንግዳ ሲመጣ ካሜራውን የምታጠፋው በአክብሮት ነበር። የአክብሮቱ ውጤት ግን ሰው ወደ ክፍሉ የገባበትን ጊዜ ሁሉ ከፊልሙ ማስቀረት ሆነ።

ሁለተኛው ምክንያት ሌንሱ ነው። ጠቅላላው የተቀረጸው በ85 ሚሊ ሜትር ሌንስ፣ አፐርቸሩ (ብርሃን የሚያስገባው የሌንሱ ቀዳዳ) 1.8 ላይ ተከፍቶ ነው። በዚህ ሌንስ ሙሉ ፍሬም ካሜራ ወደ ጎን የሚያየው 24 ዲግሪ ብቻ ነው። አንድ ሜትር ተኩል ርቀት ላይ ጥርት ብሎ የሚወጣው ቦታ ደግሞ 3 ሴንቲ ሜትር ገደማ ነው። ዓይናቸው ሲጠራ ጆሯቸው ይደበዝዛል። ከኋላቸው ያለው በርና ከበሩ ባሻገር ያለው ጎዳና የብርሃን ነጠብጣብ ሆኖ ቀርቷል።

ሦስተኛው ምክንያት እኔ ነኝ። በጥሬው ምስል ውስጥ ሰውየው ይስቃሉ፣ አንዳንዴም እስኪያስላቸው። የሚስቁት ግን ከፍሬም ውጭ ካለ ሰው ጋር ስለሆነ ተመልካቹ አይገባውም ብዬ ቆርጬዋለሁ። በ11 ደቂቃው ፊልም ውስጥ አንድም ሳቅ አልነበረም። እኔ የቀረበ ምስልና ዝምታ ሲገናኙ «ቅርበት» ይፈጠራል ብዬ አምን ስለነበር ዝም ያሉበትን እየለቀምኩ አንድ ላይ ሰፋሁት። የወጣውም ብቸኛ ሽማግሌ ነው።

ሁለተኛው ቀረጻ

አንድ አማራጭ ጠረጴዛው ላይ ነበር። ዣን ሩሽና ኤድጋር ሞራን በ1960 (እ.ኤ.አ.) ፓሪስ ውስጥ በቀረጹት ፊልም የተቀረጹትን ሰዎች ሰብስበው ምስሉን አሳይተዋል፤ የተነሣውን ክርክርም የፊልሙ ክፍል አድርገውታል። እኛም የሰውየውን ተቃውሞ ቀርጸን መጨረሻ ላይ ብንጨምረውስ ብለን አስበናል። የተውነው ፊልሙ ስህተቱን እንዳለ ይዞ ቅሬታቸውን ማሳመሪያ ስለሚያደርገው ነው። እርሳቸው የጠየቁት ሰዎቻቸውን ነው።

ስለዚህ ካሜራ ከመነሣቱ በፊት «ሰዎችዎ እነማን ናቸው?» ብላ ጠየቀቻቸው። በስም አልዘረዘሩም። «ባለ አረንጓዴው ኮት፣ የሦስተኛ ፎቁ ልጅ፣ ሱሪ ሁሉ የሚረዝምባት ልጅ፣ ሳይሰጠኝ የሚሄደው» እያሉ ቆጠሩላት። «ሳይሰጠኝ የሚሄደው ማን ነው?» ስትላቸው «ልብስ ይዞ ይመጣል፣ ያወራል፣ ልብሱን ይዞ ይመለሳል» አሏት። ዝርዝሩ 14 ሰው ደረሰ። በየትኛው ሰዓት እንደሚመጡም ነገሯት፦ ከሥራ በፊት፣ እኩለ ቀን ላይ፣ መብራት ሲበራ። የቀረጻው የሰዓት ሰሌዳ ከዚህ ዝርዝር ወጣ።

ሌንሱ ወደ 28 ሚሊ ሜትር ተቀየረ። ይህ ሌንስ ወደ ጎን 65 ዲግሪ ያህል ያያል። አፐርቸሩ 8 ላይ ተዘግቶ አንድ ሜትር ተኩል ላይ ሲስተካከል ከ1 ሜትር እስከ 2.7 ሜትር ገደማ ያለው ሁሉ ይጠራል፤ ይህም ጠቅላላ ክፍሏ ማለት ነው። ካሜራው ክር መደርደሪያው ላይ ተቀምጦ ሳይነቃነቅ ዋለ፣ በሩ በፍሬሙ ግራ በኩል ገባ። አፐርቸሩ ሲዘጋ ብርሃን ስላነሰ አንድ መብራት ጨመርን። መብራቱ ካሜራው ላይ ብልጭ ድርግም ሲል አስቸገረን። የኤሌክትሪኩ ሞገድ 50 ኸርዝ በሆነበት ቦታ አምፖል በሰከንድ 100 ጊዜ ይርገበገባልና ፊልም ሠሪዋ የካሜራውን የመዝጊያ ፍጥነት 1/50 ሰከንድ ስታደርገው ቆመ።

ከባዱ ድምፁ ነበር። በመጀመሪያው ቀረጻ ማይኩ የሰውየው ሸሚዝ ላይ ስለነበር የእርሳቸው ትንፋሽ ሳይቀር ይሰማል፣ የሌላው ሰው ድምፅ ግን ከጉድጓድ የሚመጣ ይመስላል። አሁን ከጠረጴዛው በላይ ሁለተኛ ማይክ ተሰቅሎ ሁለቱ በየራሳቸው መስመር ተቀዱ።

ሬዲዮዋን ግን መፍታት አልቻልንም። ቀኑን ሙሉ ዘፈን ታሰማለች። ከንግግር ጋር የተቀዳ ዘፈን ሁለት ጣጣ አለው። የድርሰቱም የቅጂውም ባለመብት ፈቃድ ያስፈልጋል፤ ከዚህም ሌላ ንግግሩን በቆረጥክ ቁጥር ዘፈኑ ይዘላል። ሬዲዮዋን እንዲያጠፉልን ጠየቅናቸውና አጠፉልን። ግማሽ ቀን በጸጥታ ተሠራ፤ የገባው ሁሉ ሐኪም ክፍል የገባ ይመስል ድምፁን ዝቅ አደረገ። መልሰን አበራናት። በዚህ ምክንያት ሁለት በጣም ጥሩ ትዕይንቶች ቀርተዋል፤ አንደኛው የባለ አረንጓዴው ኮት ነው። የተረፉት ሬዲዮዋ በአጋጣሚ ጠፍታ የነበረባቸው ወይም ንግግር ስለሌለባቸው ድምፁን በመኪናው ድምፅና ለብቻው በቀዳነው የክፍሉ ባዶ ድምፅ መተካት የቻልንባቸው ናቸው።

በሩ ይዞት የመጣው ጥያቄ

በሩ ፍሬም ውስጥ ሲገባ ፈቃድ ያልሰጡ ሰዎችም አብረው ገቡ።

መጀመሪያ በሩ ላይ ማስታወቂያ ለጠፍን፦ ምን እንደሚቀረጽ፣ የት እንደሚታይ፣ የማይፈልግ ሰው ቢናገር ካሜራው እንደሚጠፋ። ማንም አላነበበውም። ልብስ ታቅፎ በትከሻው በር የሚገፋ ሰው ማስታወቂያ አያነብም። ቀጥሎ ሰውየው ራሳቸው እንዲነግሯቸው አደረግን፤ ይህም የባሰ ሆነ። እርሳቸውን «አይ» ማለት የሚችል ደንበኛ አልነበረም፤ ሁሉም እሺ አለ። እንዲህ ያለውን እሺ ፈቃድ ብሎ መያዝ አይቻልም። ከዚያ ፊልም ሠሪዋ ደረጃው ላይ ተቀምጣ ሙሉ ማብራሪያ እየሰጠች ማስፈረም ጀመረች። ሰዉ ፀጉሩን አስተካክሎ፣ ንግግር አዘጋጅቶ ይገባ ጀመር።

በመጨረሻ የሠራልን ለሁለት የተከፈለው አሠራር ነው። ሲገቡ አንድ ጥያቄ ብቻ፦ «ውስጥ ካሜራ አለ፣ ላጥፋው?» አጥፊው ካሉ ይጠፋል። ሲወጡ ደግሞ ደረጃው ላይ ቁጭ ብለው ሙሉ ማብራሪያ፣ ከፈለጉም ፊርማ። የተቀረጸው ፊርማ ካላገኘ ያን ቀን ማታ ይሰረዛል። አራት ሰዎች አጥፊው አሏት፣ ሦስት ሰዎች ሲወጡ አልፈርምም አሉ። በዚህ ደስ ብሎኛል። ማንም እንቢ የማይልበት የፈቃድ አሠራር ያሳስበኛል።

በስድስተኛው ቀን አንዲት ሴት የወንድ ጃኬት ይዛ ገባች። በልኳ እንዲጠብብላት ትፈልጋለች። ሰውየው ስፒል በከንፈራቸው ይዘው ትከሻውን መለካት ጀመሩ። ጃኬቱ የሟች ወንድሟ እንደነበር ነገረቻቸው። እጃቸውን አቆሙ። ስፒሎቹን ከከንፈራቸው አንድ በአንድ አወጡና ትራሷ ላይ ሰኩ፤ አራት ነበሩ። ከዚያ ወንበራቸውን ዞር አድርገው አዳመጧት። አራት ደቂቃ ተናገረች። ሬዲዮዋ በዚያ ሰዓት ጠፍታ ነበር። ስትወጣ ማብራሪያውን ሰምታ ፈረመች።

ብዙ ዓመት በዚህ ሥራ ስቆይ እንዲህ ያለ ትዕይንት እጄ ላይ ገብቶ አያውቅም። ፊልሙን በእርሱ ዙሪያ አቀናበርኩት። ረቂቁን ስናሳያት እስከ መጨረሻው አየችና «እናቴ ጃኬቱን ማጥበቤን አታውቅም» አለች። ፊቷን ብንሸፍን፣ ድምፅዋን ብንቀይር አልን። አልሆነም፤ እናቷ የሚለዩት ጃኬቱን ነው። ጃኬቱ ደግሞ በእያንዳንዱ ፍሬም ውስጥ አለ።

ፊርማ ነበረን። ፊልም ሠሪዋ ያን ዕለት ማታ ደውላ «ትዕይንቱን ከፊልሙ እናስወጣው» አለችኝ። ተከራከርኳት። «አባባ ስፒሉን ወደ ከንፈራቸው ሲያነሡ እኮ ጥያቄዬን ደግሜ አላውቅም። ከእርሷስ ጋር ለምን እንደገና ልጠይቅ?» አለችኝ። ከዚህ በኋላ የምለው አልነበረኝም።

ከአራቱ ደቂቃ የቀረው 19 ሰከንድ ነው፦ የሰውየው ፊት፣ ከንፈራቸው ላይ ያሉት ስፒሎች፣ ከዚያም እጃቸው አራቱን አንድ በአንድ ትራሷ ላይ ሲሰካ። 28 ሚሊ ሜትሩ ሰፊ ስለሆነ ምስሉን አጉልተን ጃኬቱን ከፍሬም አስወጣነው፤ ጥራቱ ትንሽ ወርዷል፣ ያስታውቃል። ንግግር የለበትም። ለማን ብለው እንዳወጧቸው ተመልካቹ አያውቅም። ሴትዮዋ ይህን አይታ ተስማምታለች።

ለሌላ ሥራ የሚሆን

ባለታሪኩ ለመጀመሪያ ጊዜ ያዩት ቀለሙና ድምፁ ያለቀለትን ፊልም ነው። ይህ ስህተት ስድስት ሳምንት አስከፍሎናል። ከዚያ ወዲህ የምናሳየው ገና ሻካራ የሆነውን ረቂቅ ነው። ያላለቀ ነገር ሲያዩ ሰዎች ሐሳባቸውን ለመናገር አይፈሩም፤ ያማረ ሥራ ሲያዩ ግን ቅር ማሰኘት ይከብዳቸዋል። የእርሳቸው «ሥራችሁ ቆንጆ ነው» እንዴት ቀድሞ እንደመጣ ልብ በሉ። ሁለተኛውን ረቂቅ ከሦስተኛ ፎቁ ልጅ ጋር አብረው ነው ያዩት፤ እየሳቁ፣ እየተራረሙ። ከዚያ የተገኘው አስተያየት ለብቻቸው ካገኘነው ብዙ እጥፍ ይበልጣል።

ለአቀናባሪዎች የምለው ደግሞ ይህን ነው። መቁረጥ ሳትጀምሩ የቀረጻዎቹን መጨረሻ ብቻ አንድ ላይ አሰልፋችሁ እዩ። ቀራጩ ካሜራውን የሚያጠፋበት ልማድ ፊልሙ ውስጥ ምን እንደማይገባ አስቀድሞ ይወስናል። ግማሽ ቀን ይበቃል።

የቀረበ ምስልን አልጠላሁም። በመጨረሻው ፊልም ውስጥ በ85 ሚሊ ሜትር የተቀረጹ አምስት ምስሎች አሉ። ሁሉም የሚመጡት ሰው ወጥቶ በሩ ከተዘጋ በኋላ ነው። በዚያ ቦታ ሲመጡ ፊታቸው የሚያወራው ስለ ወጣው ሰው ነው። በመጀመሪያው ፊልም ግን ያው ምስል ስለ ብቸኝነት ያወራ ነበር።

ሌላው የፈቃድ መዝገብ ነው። ማን በየትኛው ደቂቃ እንደሚታይ፣ መቼ እንደፈረመ፣ ረቂቁን መቼ እንዳየ በአንድ ሰንጠረዥ ይመዝገብ። እኛ የጀመርነው ዘግይተን ነው፤ አንድ ሰው ለማግኘት ፊልም ሠሪዋ ሁለት ሳምንት ደረጃ ላይ መቀመጥ ነበረባት። ሬዲዮ ያለበት ክፍል ውስጥ የምትገቡ ከሆነም ሬዲዮው ምን ይሁን የሚለውን ከመጀመሪያው ቀን በፊት ወስኑ። እኛ ጥሩ መልስ አላገኘንለትም።

አሁን ያለበት

ፊልሙ 14 ደቂቃ ሆኖ አልቋል። ሰውየው ቅጂውን ወስደዋል። ፊልም ሠሪዋ አራተኛውን ሥራ የጀመረችው «ሰዎችዎ እነማን ናቸው?» በሚለው ጥያቄ ነው።

ከዚህ በፊት ለሕዝብ የታዩትን ሁለቱን ፊልሞች ጥሬ ምስል መልሼ አይቻለሁ። በመጀመሪያው ላይ ያው ነገር አለ፤ ቀረጻዎቹ በር ላይ ያልቃሉ። የዚያ ፊልም ባለታሪክ በጊዜው ወድጄዋለሁ ብለው ነበር፤ ያዩት ግን ያለቀውን ነው። ፊልም ሠሪዋ ልትጠይቃቸው ቀጠሮ ይዛለች። ሌላ ይሁን ካሉ ምን እንደምናደርግ አልወሰንንም።

የሴትዮዋን አራት ደቂቃ እንድንሰርዘው አልፈለገችም። በሦስት ዲስክ ላይ፣ አንዱ ከሌሎቹ ተለይቶ በሌላ ቤት ተቀምጧል፤ ማንም አይከፍተውም። ለእናቷ ከነገረቻቸው በኋላ ራሷ እንደምትደውል ነግራናለች። እስካሁን አልደወለችም።